ሦስተኛው ባሕር

«አርባ ምንጭ ስንት ሐይቅ አላት?» ብሎ የጠየቀኝ ሰው ሁሉ፣ እስከ ዘጠኝ ዓመቴ ድረስ ከእኔ የሚያገኘው መልስ «ሦስት» የሚል ነበር። በዚህ መልስ የሁለተኛ ክፍል መምህራችን ጆሮዬን ቆንጥጠውኛል። «አባያ አንድ፣ ጫሞ ሁለት፤ ሦስተኛው የታለ?» ሲሉኝ፣ «እሱ አይታይም» አልኳቸው። ክፍሉ በሳቅ ፈረሰ። እኔ ግን አልተቀየምኳቸውም። ወንድሙ እዚያ የማይኖር ሰው ከየት ያውቀዋል ብዬ ተውኳቸው።

ቤታችን ሲቀላ የሚባለው ሰፈር ነበር፤ ከመናኸሪያው ጀርባ፣ ሁለት ክፍል ያላት የጭቃ ቤት። እናቴ ወርቂቱ ጥጥ እየፈተለች ለዶርዜ ሸማኔዎች ትሸጣለች። ወንድሜ ዘካሪያስ አሥራ ዘጠኝ ዓመቱ ነው፤ ቁመቱ የበሩን መቃን አልፎ ሁሌ ግንባሩ እንዳበጠ ነው። እኔ ሣራ ሰባት ዓመቴ ነው። የፊት ጥርስ የለኝም፤ ምላስ ግን ለሰፈሩ የሚተርፍ አለኝ። አባቴን አላስታውሰውም። ለዘመቻ ሄዶ ቀይ ባሕር አካባቢ ቀረ ሲሉ ስለሰማሁ፣ ባሕር የሚባል ነገር አባት እንደሚበላ ገና በጠዋቱ አውቄያለሁ።

ስለ ምላሴ ያልኩት ቀልድ አይደለም። ያን ጊዜ የጴንጤ ቤተ ክርስቲያናችን በደርግ ታሽጎ ነበርና ምእመኑ በየቤቱ ተራ እየገባ በሹክሹክታ ይዘምር ነበር። ጎረቤታችን እትዬ ሸዋነሽ «እናንተ እሑድ እሑድ መስኮት የምትዘጉት ለምንድነው?» ብላ ብትጠይቀኝ፣ «እግዚአብሔር እኛ ቤት ስለሚመጣ ነው» አልኳት። በሚቀጥለው እሑድ እግዚአብሔርን ለመጎብኘት ሁለት የአብዮት ጥበቃዎች ጠመንጃ ይዘው መጡ። ደግነቱ የዚያን ዕለት ተራው የሌላ ቤት ነበር። እናቴ አልመታችኝም። ጥበቃዎቹ ከወጡ በኋላ እንዝርቷን አስቀምጣ አፌን አፌን አየችኝ። ዱላው የቀረልኝ ስለምታፈቅረኝ መስሎኝ ነበር። አሁን ሳስበው ያን ቀን እየለካችኝ ነበር፤ ይህ አፍ ምን እንደሚችልና ምን እንደማይችል።

በሰማንያ አንድ ዓመተ ምሕረት የውትድርና አፈሳው መጣ። እህል ሲታፈስ እንጂ ሰው ሲታፈስ አይቼ አላውቅም ነበር። አንድ ከሰዓት በኋላ ከመናኸሪያው በኩል ጩኸትና የመኪና ሞተር ተሰማ፤ ወዲያው ዘካሪያስ የጓሮውን አጥር ዘሎ ገባና እናቴ የምትፈትለው ጥጥ ከታጨቀባቸው ጆንያዎች መካከል ተወሸቀ። ድብብቆሽ መስሎኝ በደስታ ላጋልጠው አፌን ስከፍት፣ እናቴ አንድ ጉርሻ ቆጮ አፌ ውስጥ ወተፈችበት። አኝኬ ሳልጨርስ መኪናው ሄደ።

በማግስቱ አንድ ረጅም ሪዝ ያለው ሰውዬ ጓሯችን መጥቶ ከእናቴ ጋር ሲነጋገር በአጥሩ ቀዳዳ አየሁ። የሰማሁት የእሷን ድምፅ ብቻ ነው።

«አንዱን ወስዷል። ሁለተኛውን አልሰጠውም። ብሞትም አልሰጠውም» አለችው።

ማን እንደወሰደ አላለችም። ለእኔ ግን ግልጽ ነበር። አባቴን የወሰደው ባሕር ነው፤ ባሕሩ አሁን ለወንድሜ መጥቷል።

የዚያኑ ዕለት ምሽት ላይ ከጎኗ አስቀመጠችኝ። ለሰው አማርኛ፣ ለእኔ ጋሞኛ ነበር የምታወራው። ክሩ ከጣቶቿ መካከል እየረዘመ ነገሩም አብሮ ረዘመ።

«ከአባያና ከጫሞ መካከል ምን አለ?» አለችኝ።

«የእግዜር ድልድይ።»

«ድልድይ ካለ ከሥሩ ምን ይኖራል?»

ይህማ ማንም ልጅ የሚያውቀው ነው። «ውኃ!»

«እንግዲያው ሦስተኛው ባሕር እሱ ነው» አለች። «ሰዉ ኮረብታና ዛፍ ብቻ ነው የሚያየው። ከሥሩ ግን ዳርቻ የሌለው ውኃ አለ። አባያ የቀላው የእሱ ጭቃ እየፈሰሰበት ነው፤ ጫሞ የጠራው ደግሞ የእሱ ሰማይ እየፈሰሰበት ነው። አርባዎቹ ምንጮች ከእሱ ያመለጡ ልጆቹ ናቸው።»

«ሰማይ አለው?»

«አለው። ግን ከታች ነው። እዚያ ያሉ ሰዎች ኮከብ የሚያዩት ጎንበስ ብለው ነው። ማዕበሉ ደግሞ ከዳር ወደ መሀል ነው የሚሄደው፤ ዳር ቆሞ ያየውን ሰው ጥላውን እየጎተተ ይወስድበታል። ጥላው የሄደበት ሰው ከሦስት ቀን በላይ አይቆይም፤ ጥላውን ፍለጋ ራሱ ይገባል።»

ጥላዬን አየሁት። በኩራዙ ብርሃን ግድግዳው ላይ ነበር። እግሬን ሰበሰብኩ።

«ታዲያ ሰው ይበላል?»

እናቴ እንዝርቷን አቆመች። «በከበሮና በጭብጨባ የሄደለትን ይበላል። ዝም ብሎ የሄደለትን ግን ይደብቀዋል። ማንም አያገኘውም። ንጉሥም ወታደርም አያገኘውም። ግን አንድ ነገር አለ ሣራ፣ ስሚኝ። ባሕሩ ዓይን የለውም፤ ጆሮ ብቻ ነው ያለው። የተደበቀውን ሰው ስሙን ከጠሩት ይሰማል። ከሰማ ስሙን ይበላል። ስሙ የተበላበት ሰው ቤቱን አያገኝም።»

እስከ ዛሬ ድረስ ብዙ ተረት ሰምቻለሁ፤ እንደዚያ አጥንቴ ውስጥ የገባ የለም። እናቴ ቀደም ሲል ተረት ነግራኝ አታውቅም ነበር። ያን ባሕር በአንድ ምሽት፣ እጇ ሥራ ሳይፈታ፣ ከባዶ እየፈተለች እንዳወጣችው ያወቅሁት በጣም ቆይቼ ነው።

ቅዳሜ ቀን፣ ገበያው ሞቅ ሲል፣ ዘካሪያስ የእናቴን አረንጓዴ ቀሚስ ለብሶ ከጓዳ ወጣ። ሪዙን ተላጭቷል። ራሱን በሻሽ ጠቅልሎ፣ ጀርባው ላይ ጭራሮ አዝሎ፣ እንደ ባልቴት ጎብጧል። ሳቄ ሊገድለኝ ደረሰ።

«ባሕሩ ወንድ አያስገባም» አለችኝ እናቴ ኮስተር ብላ። «የሚገባ ሁሉ በሩ ላይ ሴት ይሆናል።»

ወንድሜን ደግሜ አየሁት፤ አሁን አላሳቀኝም። ሴት እየሆነ ነበር። ፊቱ ገርጥቷል። እጁን ያዝኩለት።

መንገዱ ላይ ኬላ ነበር። አንድ ወጣት ጥበቃ ሰው እያስቆመ መታወቂያ ያያል። እኛ ጋ ሲደርስ የጎበጠችውን ባልቴት አየና፣ «እማማ፣ ይለፉ፣ ይለፉ፤ ይኼን ሁሉ እንጨት!» አለ። ዘካሪያስ ቀና አላለም። እኔ ግን ስሙ አፌ ውስጥ እንደ ትኩስ ድንች ይገላበጥ ነበር። የታች ከንፈሬን በቀሩኝ ጥርሶች ነክሼ አለፍኩ። ያን ያህል ረጅም ጊዜ ዝም ብዬ አላውቅም።

አባያ ዳር ደንገሉ ከሰው ቁመት በላይ ነበር። ጭቃው ይሸታል፤ ራቅ ብሎ ጉማሬ ያጉረመርማል። ከደንገሉ ውስጥ አንዲት ጠባብ ታንኳ እየተንሸራተተች ወጣች። የሚቀዝፋት ያ የጓሯችን ባለ ሪዝ ሰውዬ ነበር። ሪዙ ከአፉ ግራና ቀኝ ተንጠልጥሎ እስከ አገጩ ይደርሳል።

«ሪዛሙን ዓሣ፣ አምባዛን ይመስላል» አልኩ ጮክ ብዬ።

እናቴ በፍጥነት ወደ ጆሮዬ ጎንበስ አለች። «አምባዛ ነው እኮ! እንዴት አወቅሽው? ዓሣ ነው። ቅዳሜ ቅዳሜ ለገበያ ሲል ሰው ይሆናል። በሌላ ቀን ሰው ሆኖ ብታዪው ግን እንዳላወቅሽው ሁኚ። ሰው ካወቀው ደረቅ መሬት ላይ ይሞታል።»

ሰውዬው ዘካሪያስን ከላይ እስከ ታች አየው። «በይ እሜት፣ ውጪ ታንኳ ላይ» አለው በጋሞ ምላስ በሚጎተት አማርኛ። «ቀሚስሽ እንዳይረጥብ።» ዘካሪያስ ለመጀመሪያ ጊዜ ሳቀ። ከዚያ ጭራሮውን አውርዶ ፊቴ ተንበረከከ።

«ሣሪቱ፣ ስሜን እንዳትጠሪ።»

«እስከ መቼ?»

«እኔው ራሴ እስክመጣ።»

ታንኳዋ ደንገሉን አልፋ ሄደች። ሰውዬው ኦይታ ይባላል፤ ዓሣ አጥማጅ ነው፤ በየቤቱ በሹክሹክታ የሚዘመረውን መዝሙር የሚያስጀምረውም እሱ ነበር። እናቴ ጉባኤው ሲሰበሰብ እኔን ወደ እትዬ ሸዋነሽ ስለምትልከኝ ነው ያላወቅሁት። ወንድሜን ያደረሰው አባያ መሀል ወዳለች ደሴት፣ ከዘመዶቹ ዘንድ ነው። ይህን ሁሉ ያን ቀን ማንም ቢነግረኝ አላምንም ነበር። እኔ በዓይኔ ያየሁት ሴት የሆነውን ወንድሜን ዓሣ ይዞት ሲሄድ ነው።

ከዚያ በኋላ ቅዳሜ ቅዳሜ እናቴና እኔ ወደ ደንገሉ እንወርድ ነበር። እናቴ ኩርኩፋ ትሠራለታለች፤ የበቆሎ ዱቄት ሽፈራው ከሚሉት ከሃላኮ ቅጠል ጋር እየተድቦለቦለ የሚቀቀለውን። በሙዝ ቅጠል ጠቅልላ ለአምባዛው ትሰጠዋለች፤ እሱም ያለ ወሬ ተቀብሎ ይሄዳል። እኔ ሁሌ እግሩን አያለሁ። ቅርፊት ፍለጋ ነው። ከጭቃ በስተቀር ምንም አይቼ አላውቅም፤ ግን ከጭቃው ሥር ያለውን ማን አየው?

ክረምቱ ሲገባ የቀበሌያችን ሊቀመንበር ጓድ ሽበሺ ቤታችን መጣ። ረጅም፣ ንጹሕ፣ ቀስ ብሎ የሚናገር ሰው ነበር። ለእኔ ከረሜላ ሰጠኝ። ለእናቴ የሰጣት ሌላ ነው።

«ወይዘሮ ወርቂቱ፣ እስከ ረቡዕ ልጁ ቀበሌ ይቅረብ። ካልቀረበ አንቺን ነው የምናቀርበው። ቤቱም የመንግሥት ነው፤ የሸሸ ሰው ቤተሰብ አይቀመጥበትም። ሕፃኗን የሚረከብ ዘመድ ካለሽ ንገሪን።»

«ገብቶኛል ጓድ ሊቀመንበር» አለች እናቴ። ከረሜላውን እየላስኩ ነበር፤ ሕፃኗ እኔ መሆኔ አልገባኝም።

እሱ ከሄደ በኋላ እናቴ አላለቀሰችም። ጥጧን አነሣች፣ አንድ እንዝርት ሙሉ ፈትላ ጨረሰች። ከዚያ ነጠላዋን አደግድጋ ወደ ደንገሉ ወረደች፤ ቀኑ ግን ቅዳሜ አልነበረም።

ሰኞ ከሰዓት በኋላ በሩን ቀርቅራ የዘካሪያስን ሰማያዊ ሸሚዝ በጥርሷ መዘንጠል ጀመረች። ከዚያ አንዷን ዶሯችንን ይዛ መጣችና ጓዳ ውስጥ፣ ራሷ፣ በገዛ እጇ አረደቻት። ዶሮ የሚያርድ ወንድ ነው። ወንድ ከሌለ መንገድ ላይ ተወጥቶ አላፊ አግዳሚው ይለመናል። ሴት ቢላ ይዛ የዶሮ አንገት ስትይዝ ያን ቀን ብቻ ነው ያየሁት። ደሙን ሸሚዙ ላይ አፈሰሰችው።

«ምንድነው?» አልኳት።

«ቀረጥ ነው። የባሕሩ በረኞች አዞዎች ናቸው። የሰው ልብስ ካልበሉ ሰውየውን ያስወጡታል።»

ይህ ገባኝ። ያልገባኝ ዶሮዋን ከነላባዋ ጓሮ ቆፍራ ስትቀብራት ነው። ያን ጊዜ አለቀስኩ። ስለ ባሕሩም ስለ ወንድሜም አይደለም፤ ስለ ወጡ ነው። እናቴ ግን ዕንባዬን አይታ፣ «አልቅሺ፣ ነገም ይጠቅማል» አለችኝ። ሲመሽ ሸሚዙን በነጠላዋ ጠቅልላ ወደ ደንገሉ ወረደች።

ማክሰኞ ጠዋት አምባዛው ሰፈራችን እየሮጠ መጣ። እስከ ጉልበቱ ርሷል፤ ሸሚዙን በሁለት እጁ ከፍ አድርጎ ይዞ፣ «አዞ! ኧረ አዞ! የወርቂቱን ልጅ አዞ በላችው!» እያለ ይጮኻል። ሰው ከየቤቱ ግልብጥ ብሎ ወጣ። እኔ ሸሚዙን አላየሁም። ያየሁት እሱን ነው፤ ማክሰኞ ነው፣ እሱ ደግሞ ሰው ሆኗል። አሁን አንድ ሰው ቢያውቀው መሬት ላይ ተንደፋድፎ ሊሞት ነው። ፊቴን አዞርኩለት።

ከሰዓት በፊት ድንኳን ተተከለ። ሬሳ የሌለበት ለቅሶ ስለሆነ ሸሚዙ መሀል ላይ፣ ወንበር ላይ ተዘረጋ። ጓድ ሽበሺ ሁለት ጥበቃዎች አስከትሎ መጥቶ ከወንዶቹ ጋር ተቀመጠ። ሴቶቹ ደረታቸውን እየመቱ ዙሪያውን ቆሙ። ከዚያ እትዬ ሸዋነሽ፣ በለቅሶ ላይ ድምፅዋ ከሲቀላ እስከ ላይኛው ከተማ እስከ ሴቻ የሚሰማው እትዬ ሸዋነሽ፣ አፏን ከፈተች።

«ወይኔ ዘካሪያስ! ዘካሪያስ አንተ ለጋ!»

ሴቶቹ ተቀበሏት። «ዘካሪያስ! ዘካሪያስ!»

በለቅሶ ላይ የሟች ስም እንደሚጠራ አላውቅም ነበር። እኔ የሰማሁት ሠላሳ ሴት በአንድ ላይ ወንድሜን ለባሕሩ ሲያስበላው ነው። እናቴ እንድታስቆማቸው ዞርኩ። እናቴ ነጠላዋን ወገቧ ላይ አስራ፣ ፊቷን ቧጭራ፣ ከሁሉም በላይ እየጮኸች ነበር።

«ዘካሪያስ! ልጄ ዘካሪያስ!»

ዘልዬ አንገቷ ላይ ተጠመጠምኩና አፏን በሁለት እጄ ደፈንኩት። «ዝም በይ! ይሰማል! ዝም በሉ ሁላችሁም፣ ባሕሩ ይሰማችኋል! አልሞተም!»

ከእናቴ ሲቃ በቀር ለቅሶው ቆመ። እትዬ ሸዋነሽ እንኳ ጸጥ አለች። ጓድ ሽበሺ ከወንበሩ ተነሥቶ መጣና ፊቴ ቁጢጥ አለ። ድምፁ ለስላሳ ነበር።

«ማን ነው የሚሰማው የኔ ልጅ?»

«ሦስተኛው ባሕር።»

«ወንድምሽ አልሞተም?»

«አልሞተም። እዚያ ነው ያለው። ሴት ሆኖ ገባ።»

ከኋላ አንድ ሰው ሳቁን በሳል ሸፈነው። ጓድ ሽበሺ አልሳቀም። «ማን ወሰደው?»

«ዓሣ።»

«እዚያ ምን ይበላል?»

«እናቴ ቅዳሜ ቅዳሜ ኩርኩፋ ትልክለታለች።»

ይህን ዓረፍተ ነገር ዛሬም ሳስታውሰው አፌን በእጄ እከድናለሁ። ከተናገርኩት ሁሉ ይህኛው ባሕርም ዓሣም የሌለበት እውነት ነበር። ጓድ ሽበሺ ቀስ ብሎ ወደ እናቴ ዞረ። እናቴ ለቅሶዋን አላቋረጠችም፤ አልጨመረችም፣ አልቀነሰችም።

«በማን ነው የምትልክለት?» አለኝ።

ኦይታ ከእኔ ሁለት ክንድ ርቆ ቆሟል። ከሱሪው ገና ውኃ ይንጠባጠባል። እንዳላየው ብዬ ዓይኔን የድንኳኑ ጣራ ላይ ተከልኩ።

«በዓሣው ነዋ! ሪዝ ባለው። ግን እሱ ሰው የሚሆነው ቅዳሜ ብቻ ነው። ዛሬ ማክሰኞ ነው፤ ዛሬ ዓሣ ነው። ቢያውቁት ይሞታል።» ከዚያ ሊቀመንበሩ እንዳያዝን ብዬ ቀጠልኩ። «አዞዎቹ ሰው አይበሉም። ሸሚዝ ነው የሚበሉት። እዚያ ሰማዩ ከታች ነው። ባሕሩ የሚበላው በከበሮ የሄደለትን ሰው ብቻ ነው። አባቴን የበላው በከበሮ ስለሄደ ነው። ወንድሜ ግን ዝም ብሎ ነው የሄደው።»

አባቴን ሲዘምት ከበሮ እያስመታ የሸኘው ይኸው ቀበሌ ነበር። ጓድ ሽበሺ ተነሣና ኮፍያውን አወለቀ።

«ነውር ነው» አለ ወደ ሰዉ ዞሮ። «ለሕፃን ልጅ እንዲህ አይዋሽም። እውነቱን ንገሯት እንጂ! ይህን ሁሉ ተረት ተሸክማ ልታድግ ነው?» ከዚያ ለጥበቃዎቹ፣ «የሟቹን ልጅ ነገር ዝጉት» አላቸው። ወጥቶ ሄደ።

እናቴ የታዘዘችውን ፈጸመች። በሁለት እጇ ትከሻዬን ይዛ፣ በሰው ሁሉ ፊት፣ ዓይኔን እያየች፣ «ሣራ፣ ወንድምሽ ሞቷል» አለችኝ።

አላመንኳትም። የመሰለኝ ሌላ ነው። ስሙ በጣም ብዙ ጊዜ ስለተጠራ ባሕሩ ከእናቴ ልብ ውስጥ በልቶታል። እሷ ረስታዋለች። እንግዲህ የቀረሁት እኔ ብቻ ነኝ፤ እኔ ከረሳሁት ቤቱን አያገኝም። ሰባት ዓመቴ ነበር፤ እንደዚያ ቀን ቆርጬ የተነሣሁበት ቀን ግን ከዚያ ወዲህ አላስታውስም።

እናቴ ጥቁር ለበሰች። ቅዳሜ ቅዳሜ ወደ ደንገሉ ይዛኝ መሄዷን አቆመች። ለእኔ ኩርኩፋ ስትሰጠኝ ግማሹን እነክስና ግማሹን በሙዝ ቅጠል ጠቅልዬ ከአልጋዬ ሥር አስቀምጥለታለሁ፤ ዓሣው ሲመጣ እንዲወስደው። ሁሌም በማግስቱ አይገኝም። ዓሣው እየመጣ ነው ማለት ነው። ለማንም አልተናገርኩም። እኔ፣ ያቺ ሣራ፣ ለሁለት ዓመት ስሙን አልጠራሁም፤ መጽሐፍ ሳነብ እንኳ ዘካሪያስ የሚል ካጋጠመኝ በጣቴ ሸፍኜ አልፈው ነበር።

በሰማንያ ሦስት ግንቦት መንግሥት ወደቀ። ከጥቂት ቀናት በኋላ ጠዋት አንድ ፂማም ሰው፣ ባዶ እግሩን፣ ከታች መንገድ እየወጣ መጣ። እትዬ ሸዋነሽ እንስራዋን ጥላ «ኢየሱስ ክርስቶስ! ሙት ተነሣ!» እያለች ቤቷ ገባች። ሰፈሩ ተረበሸ። ያልደነገጥኩት እኔ ብቻ ነኝ። በሩ ላይ ቆሜ ግንባሩ መቃኑን እስኪመታ ጠበቅሁት። መታው።

«ዘካሪያስ» አልኩት።

ተንበርክኮ አቀፈኝ። ዓሣ ዓሣ ይሸታል። «አንዳንድ ቅዳሜ የተነከሰ ኩርኩፋ ይደርሰኝ ነበር» አለኝ በጆሮዬ። «መሀሉ ላይ ጥርስ የሌለው ንክሻ።»

ከአልጋዬ ሥር እያነሣች የምትልከው እናቴ ነበረች።

ካደግሁ፣ አስተማሪም ከሆንኩ በኋላ፣ አንድ ቀን እናቴን ጠየቅኋት። ጥጧን ይዛ ተቀምጣ ነበር። «ለምን ዝም በይ ብቻ አላልሽኝም? ስለ ወንድሜ አትናገሪ ብትዪኝ አይበቃም ነበር?»

«ዝም በይ ብልሽ እሺ ትዪ ነበር?»

«አልልም።»

«አፍሽን መዝጋት እንደማልችል አውቃለሁ» አለች ክሩን በምራቋ እያለዘበች። «ስለዚህ የምትናገሪውን ሰጠሁሽ። እንደሚጠይቁሽ አውቅ ነበር። እውነቱን ሁሉ እንደምትናገሪም አውቅ ነበር። እኔ የፈለግሁት ስትናገሪ የሚያምንሽ እንዳይኖር ነው።»

«ሽበሺ አምኖ ነው የተወን?»

«ገብቶትም ይሁን ሳይገባው እግዜር ይወቅ። ከዚያ ድንኳን ግን ሁለቱን ልጆቼን ይዤ ወጣሁ።»

ባለፈው ዓመት ጥር ላይ እናቴ ዐረፈች። ድንኳኑ እዚያው ግቢ ተተከለ። ዘካሪያስ ፀጉሩ ነጥቷል፤ አሁንም መቃን ሲያልፍ ይጎብጣል። ሴቶቹ ተቃቅፈው ቆሙና ጀመሩት። «ወርቂቱ! ወይኔ ወርቂቱ!» የአርባ ምናምን ዓመት ሴት፣ የልጆች እናት፣ ተነሥቼ አፋቸውን ልደፍን ምንም አልቀረኝም። ዝም በሉ፣ ይሰማችኋል፣ ስሟን ከበላባት ቤቷን አታገኝም ልላቸው። ዘካሪያስ እጄን ያዘኝ። በኬላው እኔ ይዤው እንዳለፍኩት አድርጎ ያዘኝ።

የቀብሩ ሰዓት ሲደርስ የሕይወት ታሪኳን እንዳነብ ጠሩኝ። የተወለደችበትን፣ የዳረቻቸውን፣ ያስተማረቻቸውን በወረቀት ጽፈን ነበር። ዘካሪያስ ወረቀቱን ከእጄ ወሰደና አጥፎ ኪሱ ከተተው።

«ተናገሪ» አለኝ። «ሣሪቱ፣ ዛሬ ሁሉንም ተናገሪ።»

ወደ ፊት ወጣሁ። ዕንባዬን ጠረግሁና፣ እሷ በሰጠችኝ አፍ፣ ከመጀመሪያው ጀመርኩ።

«አርባ ምንጭ ሦስት ሐይቅ አላት» አልኳቸው።